የትንፋሽ ዕዳ

ወንድሟ አዱኛው በተቀበረ ዕለት ለቅሶ የደረሰው ሁሉ አንጓችን እያለፈ እረኛውን ነበር የሚያጽናናው። ከአንድ ማኅፀን የወጣችው፣ አንድ ጡት የጠባችው እህት እዚያው ድንኳኑ በር ላይ ተቀምጣለች፤ ሰው ግን የጫማውን አቧራ አራግፎ ይገባና በቀጥታ ወደ ስማቸው ይሄዳል። «ስማቸው፣ እግዜር ያጥናህ። ከብቱን እንግዲህ አደራ።» ለእሷ የተረፈው «እማማ፣ በርቱ» ነው። በርቱ! ዳገት የያዘችን አህያ እንኳ ሰው እንዲህ በችኮላ አያበረታታም።

ከኋላዋ የተቀመጡ ሁለት ሴቶች ደግሞ ድምፃቸውን ዝቅ ያደረጉ መስሏቸው ያወራሉ።

«ወራሿ እሷ ናት አሉ።»

«ማን? ይቺ ጌሾ ሻጯ? ላምና በሬስ ትለያለች?»

«ላም ጡት ያላት ናት» አለች አንጓች ፊቷን ሳታዞር። «አንቺ በምን እንደምትለዪ እንጃ።»

ሴቶቹ ዝም አሉ። ለቅሶውም ዝም ያለ ለቅሶ ነበር። በዚያ ዘመን ለቅሶ ቤት የሚያለቅሰው ሰው አይደለም፣ ድንኳኑ ነው። አከራዩ ድንኳን ሲተክል አልቃሽ ድምፅ አብሮ ያከራያል። ድምፁ ከጣሪያው ሆኖ ሙሾ ያወርዳል፤ በየመካከሉም የሟቹን ስም ያስገባል። «አዱኛው» ማለት አቅቶት «አዱኛ ነው፣ አዱኛ ነው» ሲል ዋለ። የሳቀ የለም፤ ያረመውም የለም። አንጓች እንባ ይመጣል ብላ ጠበቀች። አልመጣም። ጥርስ ሊነቅሉላት መርፌ የወጓት ይመስል ፊቷ ሁሉ የሌላ ሰው ፊት ሆኖባት ነበር።

ስለ ከብት አታውቅም መባሏ እውነት ነው፤ ያናደዳት እውነት መሆኑ ነው። አባቷ ወንዶቹን ከላም ጋር፣ ሴቶቹን ከባል ጋር ነበር የሚያሰማራው። እሷ ገና በልጅነቷ ወረታ ተዳረች፤ ባሏን ቀበረች፤ ዕድሜዋን በጌሾ ጆንያ መካከል ጨረሰች። ፊደል አልቆጠረችም። ነገር ግን ከእሷ ጋር ተከራክሮ ዋጋ አስቀንሶ የሄደ ሰው በወረታ ገበያ ካለ ይምጣና ይናገር።

በሰልስቱ ማግስት ስልኳ ጠራ። የአየር ጽሕፈት ቤቱ ድምፅ ነበር። ያንን ድምፅ የማያውቅ የለም፤ የወጣት ሴት ድምፅ ነው። ዝናብ የሚጥልበትን ቀን የሚናገረውም፣ መብራት የሚጠፋበትን ሰዓት የሚያሳስበውም እሱ ነው። በጎንደር ሲያወራ እንደ ጎንደሬ ነው የሚያወራው፤ ተምሮታል። መጀመሪያ እንደ ወጉ «ነፍስ ይማር» አለ። አንጓች አዳመጠች።

በዚያ አገር ሰው ሲያዳምጥ እንደ ግንድ ተገትሮ አይደለም። ተናጋሪው «ሰሚ አጣሁ» ብሎ እንዳይከፋው፣ ንግግሩ ባረፈ ቁጥር ትንፋሹን ወደ ውስጥ ሳብ ያደርግለታል። ህእ። አለሁ፣ ቀጥል ማለት ነው። አንጓች ደግሞ ምላሷ ቢሰላም ጨዋ ናት፤ ለቅሶ የደረሳትን ሰው በዝምታ አታስከፋም።

«ሟቹ የከብት እርባታ ነበራቸው። እርስዎ ብቸኛ ወራሽ ነዎት።»

ህእ።

«ከብቶቹ ከተነፈሱት ትንፋሽ የተጠራቀመ ዕዳ አለ። ከከብቶቹ ጋር ይረከቡታል።»

ህእ።

«ዕዳው እስከ ግንቦት ልደታ ካልተቃለለ ከብቶቹ ያርፋሉ፤ የወረታው ቤትዎም ከነሱቁ መያዣ ይሆናል።»

ህእ።

«በሁሉም ስለተስማሙ እናመሰግናለን። እግዜር ያጥናዎት።»

አንጓች ስልኩን አስቀመጠች። ጨዋ ልጅ ናት፣ አለች በልቧ። ነገሩን ለእረኛው ሳይሆን ለእኔ ነገረችኝ።

እርባታው ከጉማራ ወንዝ ማዶ ነው። ማዶ የሚባለው በድሮ ልማድ ነው፤ በበጋ ወንዙን በጫማ ይሻገሩታል። ከብቶቹ የፎገራ ዘር ናቸው፤ ነጭ ላይ ጥቁር፣ ጥቁር ላይ ነጭ የተደፋባቸው። በዚያ ሜዳ ከእነሱ በቀር የቀረ ከብት አልነበረም። ሰው የሚበላው የጋን ሥጋ ነው። ፋብሪካ ውስጥ እንደ ጠላ በጋን ይጠነስሱታል፤ ልኳንዳ ቤት ሲሰቀል አጥንት የለውም። ልጆች «ድሮ ሥጋ አጥንት ነበረው» ሲሏቸው ይጸየፋሉ።

በሕይወት ያለ ከብት ግን ይተነፍሳል፤ የተነፈሰውም ይቆጠርበታል። ስለዚህ እያንዳንዱ ከብት አፉ ላይ መለኪያ ታስሮለታል። በመንግሥት ስሙ መለኪያ ይባላል፣ በእረኛ ስሙ ማፈኛ።

ጠዋት ጠዋት ስማቸው ማፈኛዎቹን እየፈታ፣ የተለወሰውን ሣር ጠርጎ በጨርቅ ይወለውላል። ማፈኛው ሲፈታ ከብቱ እንዴት እንዳደረ ይናገራል፤ የሚናገረውም በዚያችው በወጣቷ ሴት ድምፅ ነው። ሻሾ፦ «ደህና።» ቦራ፦ «በዛ።» ወይኖ፦ «ደህና።» ዳልቻ፦ «በዛ፣ በዛ።» ከዚያ ጽሕፈት ቤቱ የሚልከውን ጨው ይልሳሉ። ጨው ግሳት ያስቀራል። ግሳት ሲቀር እምቧ ማለትም አብሮ ይቀራል። በዚያ ሁሉ መንጋ መካከል የቆመ ሰው ከዝንብ ሌላ የሚሰማው የለም።

«አይጮሁም እንዴ?» አለች አንጓች በመጀመሪያው ጠዋት።

«ጨው ይልሳሉ፣ እትዬ» አለ ስማቸው። አርባ ያለፈው፣ ረጅም፣ ሲያወራ ሁልጊዜ ሌላ ሥራ የሚሠራ ሰው ነው።

«ጥጃቸውን ሲነጥቋቸውስ?»

«ያዩታል። ከዚያ ይተኛሉ።»

አንጓች ራሷን ነቀነቀች። «እንደ እኛ ለቅሶ በለኛ።»

ሰንበት ብላ የከብቶቹን ጎን አየች። የጎድን አጥንታቸው ከሩቅ ይነበባል። ያልተማረ እንኳ ያነበዋል። እዚህ ላይ ነው አንጓች ለለቀስተኛው ሁሉ መልስ ልስጥ ብላ የተነሣችው። አባቷ ከብት በአተላ ሲያደልብ ትዝ ይላታል፤ የወረታ ጠላ ጠማቂ ደግሞ ሁሉም የጌሾ ደንበኛዋ ነው። ከቤት ቤት ዞራ አተላውን ለመነች፤ ሾፌር በሌለው የጭነት መኪና ላይ በርሜል አስጭና፣ ራሷ ከበርሜሎቹ መካከል ተቀምጣ መጣች።

«አተላ ለከብት ሲሰጥ አይቼ አላውቅም» አለ ስማቸው በርሜሉን እያሸተተ።

«አይተህ የማታውቀው ብዙ ነው። አፍስስ።»

ከብቶቹ ጠጡ። ገንዳውን ላሱት፤ እንደገና ላሱት። በማግስቱ ማለዳ አንጓች በጩኸት ነቃች። ሜዳው ሙሉ ያገሳል። ላሞቹ እምቧ ይላሉ፤ ጥጆቹ ይመልሱላቸዋል፤ ኮርማው መሬት እየጫረ ያጓራል። ማፈኛዎቹ ሳይፈቱ ነበር መናገር የጀመሩት። «በዛ፣ በዛ፣ በዛ።» አንዱ ሲያቆም ሌላው ይቀበለዋል። አንጓች ነጠላዋን እንደያዘች በሩ ላይ ቆማ አዳመጠች። ደስ ይበላት ወይም ትፍራ አልለየላትም። ብቻ ለመስማት ቆመች።

አተላው ባንድ ቀን አለቀ። ዕዳው ግን እጥፍ ሆኖ አደረ። ረፋድ ላይ ስልኳ ጠራ።

«ዕዳው ከመጠን አልፏል» አለ ድምፁ። «ከብቶቹ በልደታ ያርፋሉ።»

«ይረፉ እንጂ! ማን አትረፉ አላቸው?»

ስማቸው የተሸከመውን ገንዳ መሬት ላይ አስቀመጠ። «እትዬ፣ ማረፍ ማለት እኮ...»

«ማረፍ ማለት ምን?»

«አያ አዱኛው እንዳረፉት ማለት ነው።»

አንጓች ስልኩን ከጆሮዋ አራቀችና መልሳ አስጠጋችው። «እኔን ማን ጠየቀኝ?»

«ተጠይቀው ተስማምተዋል» አለ ድምፁ፣ በዚያው በቀድሞው ትሕትና። ከዚያ አሰማት። ህእ። ህእ። ህእ። ከስልኩ ውስጥ የራሷ ትንፋሽ መጣ።

በማግስቱ ወረታ፣ ጽሕፈት ቤቱ ገባች። አዳራሹ ሰፊ ነው፤ ሠራተኛው ግን አንድ ተቆጣጣሪ ብቻ ነው። ኢዮስያስ የሚባል ጢሙን በልክ ያስተካከለ ወጣት ነው። ድምፁ ከየወንበሩ ሥር ይመጣል።

«እማማ፣ ትንፋሽ ስበዋል» አላት ነገሩን ካጣራ በኋላ።

«ስቤያለሁ። ለመኖር።»

«እዚህ አገር ትንፋሽ መሳብ አዎ ማለት ነው። ድምፁ የአካባቢውን ልማድ ተምሯል። ድሮ ‹አዎ ይበሉ፣ አዎ ይበሉ› እያለ ሲያስቸግር፣ ሽማግሌዎች ናቸው ባህላችንን አያውቅም ብለው የከሰሱት።»

«አዎ ማለት ነው። እየሰማሁህ ነው ማለትም ነው። ደነገጥሁ ማለትም ነው። ወይ ጉድ ማለትም ነው። የቱ እንደሆነ ፊቴን ያየ ሰው ያውቀዋል።»

«ድምፁ ፊት አያይም።»

«እንግዲያው አይጠይቅ!»

ኢዮስያስ ስክሪኑን ነካ ነካ አደረገ። «ቅሬታዎ ተይዟል።»

«ላሟ ትንፋሽ ብታወጣ ዕዳ፤ እኔ ባስገባ ዕዳ። ታዲያ ሰው በየት በኩል ይተንፍስ?»

ሌላ ዘመን ቢሆን አንድ ሰው ይስቅ ነበር። ወረፋ የያዙት ፊታቸውን መሬት ላይ እንዳደረጉ ቆዩ። ሰው ቁጣን የተወበት ጊዜ ነው፤ ሳቅም አብሮት ሄዷል። የሚቀጥለው ሰው ይምጣ ተባለ፤ አንዲት ሴት ውሻዋን በገመድ ይዛ ተጠጋች። ልታስመዘግበው ነው የመጣችው።

«የእርስዎ ዓመታዊ የትንፋሽ ድርሻ ለአንድ ከብት የሚበቃ ነው» አላት ድምፁ። «ውሻው የሚወስደው ጥቂት ነው። የቀረው ጳጉሜ ሲመጣ ይቃጠላል።»

አንጓች ከበሩ ተመለሰች። «ለአንድ ምን አለች?»

«ለአንድ ከብት» አለች ሴትየዋ በድካም። «ሁሉም ሰው ድርሻ አለው እማማ። ከብት ያለው ግን የለም።»

«ላም አለኝ በሰማይ፣ ወተቷንም አላይ። ሰማዩ ላይ አስራችሁ ታቃጥሏታላችሁ ማለት ነው። የእኔስ ድርሻ?»

«የእርስዎ በዕዳው ታግዷል» አለ ኢዮስያስ።

አንጓች ምርኩዟን ተደግፋ ቆመች። ስለ ከብት ባታውቅም ስለ ገበያ ታውቃለች፤ ሳይሸጥ ስለሚበላሽ ዕቃ ደግሞ ከማንም በላይ ታውቃለች። አገር ሙሉ በየቤቱ የሚቃጠል ድርሻ ይዞ ተቀምጧል፤ እሷ ደግሞ ድርሻ ያጡ ከብቶች ይዛለች።

«አንተ ልጅ፣ ርቢ ታውቃለህ?»

«ምን?»

«ርቢ። ላሜን ላንተ እሰጣለሁ። አንተ ታበላታለህ፤ ታሳድራታለህ፤ ወተቷን ትጠጣለህ። ስትወልድ ጥጃውን እኩል እንካፈላለን። ላሟ የእኔ ናት፣ አዳሯ ያንተ።»

«እንዲህ ዓይነት ውል እኛ ጋ የለም።»

«አንተ ጋ የለም።» አንጓች ድምፁ ከየት እንደሚመጣ ስለማታውቅ ወደ ጣሪያው አንጋጠጠች። «አንቺ! ትንፋሼን የአገር ልማድ ነው ብለሽ ከያዝሽብኝ፣ ርቢንም ያዢልኝ። አያቴ ከብት ያወጣው በርቢ ነው። ልማድ እንደ ሽንኩርት እየመረጡ አይወስዱትም!»

ድምፁ ቆየ። ቆይቶ አያውቅም ነበር፤ ኢዮስያስ ራሱ ቀና አለ።

«ርቢ በአካባቢው ልማድ የታወቀ ውል ነው» አለ በመጨረሻ። «የከብቱ ትንፋሽ ከነዕዳው፣ ከብቱ በሚያድርበት ሰው ድርሻ ላይ ይቆጠራል። ለአንድ ሰው አንድ ከብት። ዓመት ሳይሞላው አይፈታም፣ አይለወጥም።»

ኢዮስያስ ስክሪኑን ደጋግሞ ነካ። የተባለው አልተለወጠም።

ስማቸው ይህን ሲሰማ አልፈነደቀም። ማፈኛ እየወለወለ ቆየና፣ «ከብቱን በየሰው ቤት ከበተንነው እርባታው ምን ሊባል ነው?» አለ።

«ሜዳ ይባላል።»

«አያ አዱኛው ይህን መንጋ አንድ ላይ ለማቆየት ነው ዕድሜያቸውን የጨረሱት።»

«አዎ። ጨረሱት» አለች አንጓች። «አሁን ሻሾን ያዛት። የመጀመሪያው ባለ ርቢ አንተ ነህ። ወተት ለልጆችህ ይሆናል።»

ስማቸው ሻሾን ተቀበለ። «ጎበዜስ?» አለ ወደ ኮርማው እያየ። «እሱን ለማን እንሰጣለን?»

«ላም ያላማረው ሰው ኮርማ ያምረዋል? መጨረሻ ላይ ይታሰብበታል።»

ጌሾ ነጋዴ ጥሩ ጥሩውን ቅጠል ከላይ ነው የሚያደርገው፤ ግንዱ ከሥር ይሆናል። አንጓችም የምታውቀውን ንግድ ነገደች። ከዚያ ቀን ጀምሮ በወረታ ኮንዶሚኒየሞች ደረጃ ለደረጃ ወጣች፤ በር ለበር አንኳኳች። አንዳንዱ በሩ ላይ ባለው ቀዳዳ አይቷት ይመለሳል። አንዳንዱ ይከፍታል፤ ከከፈተ ከእጇ አይወጣም።

«ላም?» አለ አንድ ጎልማሳ፣ ፒጃማውን እንደለበሰ። «የት ላቆማት ነው?»

«ምድር ቤት የመኪና ማቆሚያ አልሰጡህም?»

«መኪና የለኝም እኮ።»

«ቦታው ባዶ ነው ማለት ነዋ!»

«ሽታውስ?»

«ትለምዳታለህ። እሷም ትለምድሃለች፤ አንተም ሽቶ አይደለህ።»

ሌላዋ፣ አዲስ ያገባች ልጅ፣ ወተት ከላም ሲወጣ ትኩስ መሆኑን ስትሰማ ያመማት መስሎ ግድግዳ ተደገፈች። ባሏ ግን ነገረኛ ነው። «ጥጃውን እኩል ማለት ግማሹን እርስዎ፣ ግማሹን እኛ? የቱ ግማሽ ነው የእኛ?»

«የፊቱ። አፍ ያለበት፣ የሚበላው። የኋላው የእኔ ነው፤ እኔ ልጥረግለት።»

ሳቁ ሲመጣበት ልጁ ራሱ ደነገጠ። ቦራን ወሰዱ።

ከብቶቹ ወደ ከተማ ገቡ። ወይኖ በአንድ ሕንፃ ምድር ቤት፣ በሁለት ቢጫ መስመሮች መካከል፣ እንደ ቆመች መኪና ቆመች። ዳልቻ ሦስተኛ ፎቅ ድረስ በደረጃ ወጣች፤ ተቀባዩ ሰፊ በረንዳ ነበረው። ሰዎች ከየቤታቸው ወጥተው ዝም ብለው አዩ፤ ዝም ብለው ተመለሱ። ጠዋት ጠዋት ከየሕንፃው፣ የመብራት ማሳሰቢያው ከሚነገርበት ድምፅ ጋር ተደባልቆ «ደህና»፣ «በዛ» ይሰማ ጀመር። ሰው ልብሱን እየተኮሰ ይሰማዋል። ከሳምንት በኋላ የሚዞርና የሚያይ አልነበረም።

አንጓች የምትችለውን ሁሉ አስወጣች። የቀረው ሰው በሩን አልከፈተላትም። ሚያዝያ ሊያልቅ ሲል ሜዳው ላይ ጎበዜ ብቻውን ቀረ። እሱም ቆሞ፣ ላሞቹ የሄዱበትን መንገድ ያያል፤ ከዚያ ይተኛል።

አንድ ቀን በቀትር ከዛፉ ሥር ተቀምጣ ሳለ ነገሩ ገባት። «ስማቸው።»

«እመት።»

«ኮርማ ከሌለ ጥጃ የለም።»

«የለም፣ እትዬ።»

«ጥጃ ከሌለ ደግሞ ላሞቹ ይነጥፋሉ። የነጠፈች ላም ምድር ቤቱን ይዛ ስትቆም ማን ያቆያታል? ዓመቱ ሲሞላ ሁሉንም ወደ እኔ ይነዷቸዋል። ያኔ ለሁሉም የሚያሳርፋቸው የጽሕፈት ቤቱ መኪና ይመጣል።»

ስማቸው ሣር ነጨና በጣቱ ጠቀለለው።

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ጎበዜስ ብዬ ጠይቄዎት ነበር።»

«መጠየቅና መንገር አንድ ነው?» ብላ ጮኸችበት። ስማቸው ሻሾን መልሶ ኮርማውን መውሰድ ይችል እንደሆነ ድምፁን ጠየቁ፤ ድምፁ «ዓመት ሳይሞላው አይለወጥም» አለ። የከፈቱላትን ሁሉ ለላም ጨርሳቸዋለች። ያልከፈቱትን ደግማ አንኳኳች። አንዱ በሩን ገርበብ አድርጎ «ወተት አለው?» አላት። «የለውም» አለች፤ በእርጅናዋ ውሸት ለመጀመር አልፈለገችም። ዘጋባት። ከዚያ ሜዳ በቀር የፎገራ ኮርማ ያለበትን ቦታ የሚያውቅ አልነበረም። ድምፁ ራሱ ተጠይቆ «አልተመዘገበም» ነው ያለው።

ልደታ ደረሰ። ረፋዱ ላይ ነጭ መኪና ወንዙን በደረቁ ተሻግሮ መጣ። መኪናው ሲቀርብ ለስለስ ያለ ዋሽንት ያሰማል፤ ከብት እንዳይበረግግ ነው ይላሉ። ኢዮስያስ ወረደ፤ ተከትለውት ጓንት ያጠለቁ ሁለት ሰዎች ወረዱ። አንጓች የኮርማውን ገመድ ራሷ ይዛ ቆማለች። ስማቸው ከኋላዋ ነው።

ኢዮስያስ ባዶውን ሜዳ አየ። «እማማ፣ አንድ ብቻ ነው የቀረው። እውነቱን ልንገርዎት፣ ይሆንልዎታል አላልንም ነበር። ጥሩ ሠርተዋል።»

«አንድ ብቻ አይደለም። ይህ ከሄደ ሁሉም ሄደዋል፤ ቀን ነው የምትቆጥሩላቸው።»

«አዝናለሁ።»

«አታዝንም። እኔም ወንድሜን ቀብሬ አላዘንሁም፤ እንዴት እንደሚታዘን ጠፍቶብኛል። ስለ ኀዘን እንተወው። ማታ የት ነው የምታድር?»

«ይቅርታ?»

«የት ትተኛለህ ነው የምልህ! ቤት አለህ፣ የለህም?»

«ወረታ ነው ቤቴ። ሁለተኛ ፎቅ።»

«ምድር ቤት ምን አለ?»

ኢዮስያስ ወደ ሰዎቹ ዞር አለ፤ እነሱ ወደ ሌላ አዩ። «የጎረቤቴ ላም አለች። ወይኖ ነው የምትባል።»

«ስሟን ታውቃለህ።»

«ጠዋት ስወጣ... ታየኛለች» አለ። ያለውን ራሱ የሰማው ያን ጊዜ መሰለ፤ ቶሎ ብሎ ሸሚዙን አስተካከለ። «እማማ፣ ሰዓት አለብን።»

«ከእሷ አጠገብ ያለው ቦታ የማን ነው?»

«የእኔ ነው። ግን መኪና...»

«መኪና የለህም። የመንግሥት መኪና ነው የምትነዳ። ድርሻህስ? የትንፋሽ ድርሻ አለህ?»

«እኔ ተቆጣጣሪ ነኝ።»

«ተቆጣጣሪ አይተነፍስም?»

«አይፈቀድም ማለቴ ነው። ማለት፣ የሚከለክል መመሪያ የለም፤ ግን ነውር ነው። እኔው ላሳርፈው መጥቼ እኔው ብወስደው ምን ይባላል?»

«ምን ይባላል አላልሁህም። አለህ ወይ ነው ያልሁህ።»

ዋሽንቱ ከመኪናው እየደጋገመ አንዱን ዜማ ይጫወታል። ከሰዎቹ አንዱ የጓንቱን ጣት እየሳበ «አለቃ፣ እንጀምር?» አለ። ኮርማው አፉ እንደታፈነ ቆሟል፤ ጎኑ ይነሣል፤ ይወርዳል።

«አለኝ» አለ ኢዮስያስ።

«ነክተኸዋል?»

«ነክቼው አላውቅም።»

ስማቸው ከኋላ አንድ ነገር ሊል አፉን ከፈተ፤ አንጓች በክርኗ መለሰችው። ሁለት እርምጃ ወደ ወጣቱ ቀረበች። ቁመቷ ደረቱ ላይ ነው የሚደርሰው፤ ቀና ብላ ፊቱን አየችው፤ እሱም ሊያይ የሚችልበት ሌላ ቦታ አልነበረውም። ገመዱን ከመዳፏ ላይ ፈትታ ዘረጋችለት።

«በል ያዝ። በመኪናህ አትናገረኝ፤ በዚያች ልጅ ድምፅ አትናገረኝ። በገዛ አፍህ፣ እነዚህ ሁለቱ ጓንታሞች እየሰሙ፣ ስምህን ከነአባትህ፣ ከነአያትህ ጥራና ‹ይህን ኮርማ በርቢ ተቀበልሁ› በል። ጮክ ብለህ! በል እንጂ፣ ምን ትጠብቃለህ?»